ሸክላዬ ነው የዘገየው ወይስ ሲዲው ነው የፈጠነው? (ባድ ብሬይንስ፣ «ሮክ ፎር ላይት»)

ሰባራ መርፌ

ሰላም ለሁላችሁ። ትንሽ ረዘም ያለ ጥያቄ ነው፣ ታገሱኝ።

«ባድ ብሬይንስ» ከተባለው የአሜሪካ ፓንክ ባንድ ጋር የተዋወቅኩት አንድ ጓደኛዬ በፍላሽ በሰጠኝ «ሮክ ፎር ላይት» ነው። ከሲዲ የተገለበጠ ነበር። ያኔ ጊታር ገና እየተማርኩ ስለነበር አልበሙን እያስጀመርኩ፣ እያቆምኩ፣ ወደ ኋላ እየመለስኩ አብዛኛውን ዘፈን በጆሮዬ ለቀምኩት። ጣቶቼ ምስክር ናቸው። አሥራ ሁለት ዓመት ሙሉ እንደዚያው ስጫወተው ኖሬያለሁ።

በቅርቡ የ1983ቱን ሸክላ አገኘሁ (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጆቹ ነው የምጽፈው)። መርፌውን አስቀመጥኩ፣ የመጀመሪያው ዘፈን ጀመረ፣ እኔም ክው አልኩ። ዘፈኑ ያው ነው። ግን ሰውየው ከእንቅልፉ ገና የተነሳ ይመስላል። የዘፋኙ የኤች.አር. ድምፅ ወፈር ብሏል፣ ከበሮው ሌላ ቤት ውስጥ የተመታ ነው የሚመስለው፣ የዘፈኖቹ ቅደም ተከተልም እኔ ከማውቀው ጋር አይገናኝም። ቅደም ተከተሉን እንኳ ጓደኛዬ ሲገለብጥ አዛብቶት ይሆናል ብዬ አለፍኩት።

ጥፋቱን በማጫወቻው ላይ ጣልኩ። ቺንጋው ላልቶ ነው ብዬ አዲስ አዘዝኩ፣ ሳምንት ጠበቅኩ፣ ቀየርኩ። ምንም ለውጥ የለም። ከዚያ ጊታሬን አነሳሁ። ሲዲው ላይ ቃኝቼ ወደ ሸክላው ስዞር ሁሉም ነገር አንድ ፍሬት (ጊታሩ አንገት ላይ ያለው አንድ ደረጃ) ዝቅ ብሎ ይገኛል። በግምት አይደለም፣ ልክ አንድ ፍሬት።

እና የትኛው ነው የሚዋሸኝ? ማጫወቻው፣ ሸክላው ወይስ ያ ሲዲ?

ሁለተኛ ጥያቄም አለኝ። የመጀመሪያውን ካሴታቸውን፣ ያንን ቢጫውን፣ ብዙ ሰው «ከሁሉም የሚበልጠው እሱ ነው» ይላል። እኔ ስሰማው በርሜል ውስጥ የተቀዳ ነው የሚመስለኝ። ጆሮዬ ነው ችግሩ?

ባለ 33

ወንድሜ፣ ያንን ቺንጋ አትንካው። ማጫወቻህም ሸክላህም ደህና ናቸው። የፈጠነው ሲዲው ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። «ሮክ ፎር ላይት» በ1983 ሲወጣ ፕሮዲዩሰሩ የዘ ካርስ ዘፋኝ ሪክ ኦካሴክ ነበር፤ የተቀዳውም ቦስተን በሚገኘው ሲንክሮ ሳውንድ በተባለው ስቱዲዮ ነው። በ1991 አልበሙ በሲዲ እንደገና ሲወጣ ግን የድሮውን ሚክስ (የድምፆቹን ቅንብር) አልተጠቀሙበትም። ኦካሴክ እና የባንዱ ቤዝ ተጫዋች ዳሪል ጄኒፈር ከአዲስ ሚክስ አደረጉት። ዘፈን ጨመሩበት፣ ቅደም ተከተሉን ገለባበጡት (ጓደኛህን ይቅርታ ጠይቀው)፣ በዚህ ሁሉ ላይ ደግሞ የማስተሩን፣ ማለትም የዋናውን ቴፕ፣ ፍጥነት ከፍ አደረጉት። ውጤቱ ግማሽ ቶን ነው። አንተ በእጅህ ያገኘኸው አንድ ፍሬት ማለት እሱ ነው።

ቁጥሩን ካየኸው የሚገርም ነው። ቴፕ ግማሽ ቶን እንዲወጣ ስድስት ከመቶ ገደማ መፍጠን አለበት። ሁለት ደቂቃ የነበረ ዘፈን በ1 ደቂቃ ከ53 ሰከንድ ያልቃል። በሸክላ ቋንቋ፣ በደቂቃ ሠላሳ ሦስት ከሲሶ መዞር ያለበት 35 ከምናምን ይዞራል ማለት ነው። ለባላድ ዘፋኝ ቢደረግ ሰው ሁሉ ወዲያው ይነቃል። እነዚህ ግን ድሮም እሳት የተለቀቀባቸው ዓይነት ስለሚጫወቱ ብዙ ሰው ለዓመታት ሳይጠረጥር ሰማው። እኔም አንዱ ነኝ።

ደግሞ ቴፕ ሲፈጥን ፍጥነቱ ብቻ አይደለም የሚለወጠው። የሰው ድምፅ ከጉሮሮና ከአፍ ቅርፅ የሚያገኘው ቀለም አለ፤ እሱም አብሮ ወደ ላይ ይሄዳል። ሰውየው ከፍ አድርጎ የዘፈነ ሳይሆን ጭንቅላቱ ያነሰ ይመስላል። አንተ «ወፈር ብሏል» ያልከው ትክክለኛው የኤች.አር. ድምፅ ነው። እስከዛሬ የሰማኸው ታናሽ ወንድሙን ነው በለው።

ቺንጋ ስለመሆኑ ደግሞ፣ የላላ ቺንጋ እንዲህ በልኩ ግማሽ ቶን ላይ አይቆምም። ይዋዥቃል። አልበሙ ውስጥ ያሉትን ሬጌዎች አጫውትና ረዘም የሚሉትን ኖታዎች አድምጥ፤ ድምፁ እንደ ሰካራም ወዲያ ወዲህ የሚል ከሆነ ቺንጋ ነው። ቀጥ ካለ አይደለም። አንዳንዱ የድሮ ማጫወቻ ሞተሩ ለ60 ኸርዝ መብራት ተሠርቶ 50 ላይ ሲሰካ ይዘገያል፤ ግን ያ ከሆነ ከሦስት ፍሬት በላይ ነበር የሚወርድብህ። ኤች.አር. ጅብ ሆኖ ታገኘው ነበር።

እርግጠኛ መሆን ከፈለግክ ስልክህን የዙር ፍጥነት የሚለካ አፕ ጫንበትና ሳህኑ መሃል ላይ አስቀምጠው። መርፌውን ግን አንሳ።

ቢጫ ካሴት

ሁለተኛውን ጥያቄ ለእኔ ተዉልኝ፣ ስሜም ስለሆነ።

ጆሮህ ጤነኛ ነው። ካሴቱ በእርግጥም የበርሜል ድምፅ አለው። ግን በርሜሉ ውስጥ አራት ሰው ቆሞ ነው የሚጫወተው፤ የኔ ክርክር እዚያ ላይ ነው።

ያ ቅጂ በ1981 ኒው ዮርክ፣ አቬኑ ኤ ላይ 171-ኤ በሚባል ቦታ ነው የተቀዳው። ቀጂው ጄሪ ዊሊያምስ ነው። ባንዱ ዋሽንግተን ዲሲ ውስጥ የሚያስገባው ክለብ አጥቶ ወደ ኒው ዮርክ የተሰደደበት ጊዜ ነበር፤ ስለዚሁ የዘፈኑት ዘፈንም እዚያው ካሴት ላይ አለ። በ1982 ሮር የተባለው ኩባንያ አሥራ አምስቱን ዘፈን በካሴት ብቻ አወጣው። ሸክላው የመጣው በኋላ ነው። ስለዚህ የመጀመሪያዎቹ ሰዎች ይህንን ሙዚቃ የሰሙት በሰከንድ አምስት ሴንቲሜትር እንኳ በማይሞላ ፍጥነት በሚሄድ ቀጭን ክር ላይ ነው፣ ያውም እያንዳንዱ የቴፕ ማጫወቻ በራሱ ፍጥነት በሚያጫውትበት ዘመን። አንዱ ቤት ባትሪው ደክሞ ኤች.አር. ያዛጋል፣ ሌላው ቤት ይንጫጫል። ትክክለኛው ኪ (የድምፁ ከፍታ) የቱ ነው ብሎ የጠየቀ ያለ አይመስለኝም።

ለምን እንደምወደው ልንገርህ። አራቱ አንድ ላይ የሚተነፍሱ ነው የሚመስለው። ከበሮው ጊታሩ ውስጥ ገብቷል፣ ጊታሩም ድምፃዊው ውስጥ። ቀጂዎች ይህንን እንደ ጥፋት ያዩታል፣ መጋረጃ እየጋረዱ፣ ከበሮውን ለብቻው ሣጥን ውስጥ እየከተቱ ነው የሚሸሹት። ለፈጣን ሙዚቃ ግን መፍሰሱ እንደ ሙጫ ነው። ኧርል ሃድሰን ከበሮው ላይ በድንገት ሲያቆም ሌሎቹም ሦስቱ አብረው ይቆማሉ፤ ከዚያ አንድ ትንፋሽ የምታህል ጊዜ የክፍሉ ድምፅ ብቻ ይቀራል፣ ሽሽሽ የሚለው። ያቺ ቅጽበት «ሮክ ፎር ላይት» ላይ የለችም። እዚያ ሲያቆሙ ፀጥታው ንጹሕ ነው። ንጹሕ ፀጥታ ደግሞ ለኔ የስቱዲዮ ፀጥታ ነው።

አንዳንዶቹ ዘፈኖች ሁለቱም ላይ ስላሉ አንዱን መርጠህ ጎን ለጎን አድምጥ። መጀመሪያ ካሴቱን። ከዚያ ሸክላህን። ሲዲውን ተወው፣ ዛሬ ተቀጥቷል።

አንድ ምክር ደግሞ፣ የመጀመሪያውን ቢጫ ካሴት ልገዛ ብለህ አትሩጥ። እኔ አንድ ሻጭ «ኦሪጂናል ነው» ብሎኝ ገንዘቤን ከፍዬ የመጣልኝ በኋላ የታተመ ሆኖ አገኘሁት። ሽፋኑ ላይ መብረቁ ካፒቶሉን ሲመታ ያው ነው፣ አረንጓዴ ቢጫ ቀዩም ያው ነው፤ ጠርዙ ላይ ያለውን ጽሑፍ በመነጽር እስካይ ድረስ አልነቃሁም። ብመልሰው አልቀበልም አለ። አሁንም መደርደሪያዬ ላይ ቁጭ ብሎ ያየኛል።

ጋን በጠጠር

@ቢጫ ካሴት፣ ከልቤ ነው የማከብርሽ ግን «የድምፅ ጥራት የሌለው ነው እውነተኛው ፓንክ» የሚለው ወሬ ሰልችቶኛል። እነዚህ ልጆች እኮ ጃዝ ፊውዥን ሲጫወቱ የነበሩ ናቸው። ቃኝተው፣ አስልተው፣ በልምምድ ደክመው የመጡ። ሰው የሠራው ዝርዝር ጭቃ ውስጥ ሲገባ ምን ደስ ይላል? ካሴቱ ላይ የዳሪል ጄኒፈርን ቤዝ ለይቼ ለመስማት ዓይኔን መጨፈን አለብኝ።

ለድምፅ ከሆነ ጥያቄው መልሱ «አይ አጌንስት አይ» የተባለው አልበማቸው ነው። 1986፣ ማሳቹሴትስ ውስጥ ሎንግ ቪው ፋርም በሚባል ገጠር ያለ ስቱዲዮ፣ ፕሮዲዩሰሩ ሮን ሴንት ጀርሜን። ከበሮው ደረት ይመታል። የዶክተር ኖ ጊታር ወፍራም ነው ግን ጠርዝ አለው። ቤዙም እግር አውጥቶ ይሄዳል።

ደግሞ አስቂኙ ነገር፣ በዚህ ሁሉ ጥራት መሃል አንዱ ዘፈን ላይ ያለው ድምፅ በስልክ የተቀዳ ነው! ኤች.አር. በማሪዋና ክስ ታስሮ ስለነበር ከእስር ቤት ደውሎ ነው የዘፈነው። ስልክ ደግሞ ታውቃላችሁ፣ ከ300 እስከ 3400 ኸርዝ ገደማ ያለውን ብቻ ነው የሚያሳልፈው። ከሥር ያለው የደረት ድምፅ ተቆርጧል፣ ከላይ ያለው የትንፋሽ ድምፅም ተቆርጧል። የቀረው መሃሉ ብቻ ነው። እንዲህ የተራቆተ ድምፅ ጭቃ በሆነ ሚክስ ላይ ቢጣል ጠፍቶ ይቀር ነበር። እዚህ ግን ባንዱ ከሥርም ከላይም ስለሞላው ስልኩ መሃል ላይ ቦታ አግኝቶ ተቀመጠ። እስካሁን ስሰማው ሰውየው ግድግዳ ጀርባ ያለ ይመስለኛል፣ ደግሞም ነበር።

ስለዚህ ጥሩ ቀረጻ ነፍስ ይገድላል የምትሉትን እንጃ።

ቢጫ ካሴት

ነፍስ ይገድላል አላልኩም። «አይ አጌንስት አይ» ሌላ ባንድ ነው ማለት ይቻላል፣ ዝግ ብለዋል፣ ብረት ብረት ይሸታል። ለዚያ ሙዚቃ ያ ድምፅ ልክ ነው። የ1981ዱን ፍጥነት እዚያ ስቱዲዮ ውስጥ ብታስገባው ግን እያንዳንዱ የከበሮ ምት ጅራቱ ሳያልቅ ቀጣዩ ይመጣበትና ትርምስ ይሆናል። ትልቅ ድምፅ ቦታ ይፈልጋል፣ ቦታ ማለት ደግሞ ጊዜ ነው።

የስልኩን ግን ተቀበልኩ። እሱ ላይ አልከራከርም።

ላሊበሎ

እኔ ዘግይቼ ነው የደረስኩት ግን ማንም ያላነሳው ነገር አለ። ሬጌዎቹ።

አንድ ፈጣን ዘፈን ስድስት ከመቶ ቢፈጥን ጆሮ ይታለላል፣ ድሮም ትንፋሽ የለውም። ሬጌ ግን የሚኖረው በሁለት ምት መካከል ባለው ባዶ ቦታ ላይ ነው። ቤዙ ይላል፣ ይጠብቃል፣ ጊታሩ ጫ ይላል፣ ይጠብቃል። ያንን መጠበቅ ስታሳጥረው ሰውየው ቀጠሮ ያለበት ይመስላል። እነዚህ ሰዎች ራስተፈሪያን ናቸው፤ ሬጌውን በፈጣኖቹ መሃል የሚያስገቡት ለዕረፍት ብቻ አይመስለኝም፣ ጸሎታቸው ነው። ስለ ጃህ ዙፋን እየዘመረ የሚጣደፍ ሰው አይቼ አላውቅም። የ1991ዱን ሲዲ ከሸክላው ጋር ማወዳደር የሚፈልግ ሰው ፈጣኖቹን ትቶ አንድ ሬጌ ይውሰድ፣ በአሥር ሰከንድ ይገባዋል።

ለምን አፈጠኑት የሚለውን ግን ባውቅ ደስ ይለኝ ነበር። በምድር ላይ ማፍጠን የማያስፈልገው ባንድ ቢኖር ይሄ ነው። ወጥ ላይ ጨው የጨመረ ሰው ምን ይባላል? ጨዉ ላይ ጨው እንጂ።

ሰባራ መርፌ

ኧረ እናንተ ሰዎች! አንድ ጥያቄ ጠይቄ ሦስት አልበም አሰማችሁኝ።

ውጤቱን ላምጣ። ስልኬን ሳህኑ ላይ አስቀምጬ ለካሁ፣ 33.3 ይላል። ሁለት ሦስቴ ደገምኩት፣ አልተነቃነቀም። ከዚያ ሌላ ባንድ ሸክላና ፋይል ወስጄ አንድ ላይ አስነሳኋቸው፣ እስከ ዘፈኑ መጨረሻ ጎን ለጎን ሄዱ። «ሮክ ፎር ላይት» ላይ ይህንኑ ሳደርግ ፋይሉ ገና የመጀመሪያው ስንኝ ሳያልቅ ጥሎት ሄደ። ጉዳዩ ተዘግቷል፣ ሲዲው ነው።

ላሊበሎ ያልከውንም ሞከርኩ። እውነትህን ነው። ሬጌው ላይ ሸክላው ሲጫወት ትከሻዬ ወረደ። ከዚያ ፋይሉን ስከፍተው አንድ ሰው ከኋላዬ የገፋኝ መሰለኝ። ይህንን ለአሥራ ሁለት ዓመት ሳልሰማ መኖሬ ነው የሚገርመኝ።

አሁን የቸገረኝ ጣቶቼ ናቸው። ሁሉንም አንድ ፍሬት ወደ ላይ ነው የማውቀው። ሸክላውን እያጫወትኩ አብሬ ስጫወት እጄ በራሱ ወደ ድሮው ቦታ ይሄዳል፣ ከባንዱ ጋር በግማሽ ቶን ተጣልቼ እቀራለሁ። ሰው ሲሰማው ጥርስ የሚያስፏጭ ነገር ነው።

ፋይሉን በኮምፒውተር ወደ ልኩ መመለስ ይቻላል? መንገድ ላይ ሸክላ ይዤ አልሄድ መቼም።

ባለ 33

ይቻላል፣ ቀላል ነው። ኦዳሲቲ የሚባል የድምፅ ማስተካከያ ፕሮግራም በነፃ ይገኛል። ፋይሉን ክፈትና ፍጥነት የሚቀይረውን ትእዛዝ ፈልግ። ሦስት የሚመሳሰሉ አሉ፣ ተጠንቀቅ። አንዱ ኪውን ብቻ ይቀይራል፣ አንዱ ቴምፖውን ብቻ፣ አንዱ ሁለቱንም አብሮ። አንተ የምትፈልገው ሁለቱን አብሮ የሚቀይረውን ነው፣ ምክንያቱም ቴፑ ላይ የተደረገው እሱ ነው። የቀሩት ሁለቱ ድምፁን ቆራርጠው የሚሰፉ ስለሆኑ ሲምባሉ ላይ ውሃ ውሃ የሚል ነገር ይተዋሉ። ቁጥሩን 5.6 ከመቶ ቀንሰህ አስገባ። ስድስት አይደለም፤ ወደ ላይ ሲወጣ ስድስት የሆነው ወደ ታች ሲመለስ 5.6 ነው፣ ምክንያቱም መቶኛው አሁን የሚሰላው ከትልቁ ቁጥር ነው።

ግን አትሳሳት፣ ይህ የሚመልስልህ ፍጥነቱን ነው። ሚክሱ የ1991ዱ እንደሆነ ይቀራል። ያ ሌላ ቤት ውስጥ የተመታ ያልከው ከበሮ በኦዳሲቲ አይመለስም። ለሱ ሸክላውን ራስህ ወደ ኮምፒውተር ቅዳው። ቀላሉ መንገድ እሱ ይመስለኛል፣ ማጫወቻህ እንደሆነ ልክ መሆኑ ተረጋግጧል።

ሌላው፣ በ2021 ባንዱ የማስተሮቹን መብት አስመልሶ በራሱ ስም ኦርግ ሚዩዚክ ከተባለው ኩባንያ ጋር አልበሞቹን እንደገና ማሳተም ጀምሯል። የትኛውንም ቅጂ ልትገዛ ስትል ግን ሽፋኑ ላይ ያለውን ዓመት ብቻ አትመን። የአንድ ዘፈን ናሙና አስነሳና ጊታርህን አንሳ። አሁን አንተ የሚንቀሳቀስ መለኪያ ነህ፦ እጅህ በለመደበት ፍሬት ላይ ከገጠመ የፈጠነው ነው፣ አትግዛው።

ጋን በጠጠር

አሥራ ሁለት ዓመት ተሳስቶ መማር በስተመጨረሻ ጠቀመው በለኛ።

ሰባራ መርፌ

ሃሃ፣ በሉ እሺ። ዛሬ ማታ ሸክላውን እቀዳዋለሁ። ቢጫ ካሴት፣ ያልሽውን አደረግኩ፣ አንድ ዘፈን በሁለቱም ሰማሁ። የካሴቱ በርሜል አሁንም በርሜል ነው፤ ግን ሁሉም በአንድ ጊዜ ሲያቆሙ ያ ሽሽሽ የሚለው ተሰማኝና ሦስቴ መለስኩት።

የድሮውን ቺንጋ ማጫወቻው ላይ መልሼ አስገብቼዋለሁ። ምንም አልነበረበትም። አዲሱ ሁለት ቀን ብቻ የሠራ ነው፣ ማጫወቻው የሚዘገይበት ሰው ካለ በነፃ እሰጣለሁ። በእርግጥ የሚዘገይበት ብቻ።